“የፈንጣጣ አባት”፦ ከቶሪኖ ሆስፒታል እስከ ከፋ

በሰፈራችሁ ፊታቸው በፈንጣጣ ጠባሳ የተበሳሳ አዛውንት አይታችሁ ታውቃላችሁ? አሁን አሁን ቁጥራቸው እየቀነሰ ነው፣ ግን አሉ። እነሱ ታመው የተረፉት ናቸው። ያልተረፉትን የቆጠራቸው የለም።

ፈንጣጣ ዛሬ ዓለም ላይ የለም። ለዚህም ነው ምን ያህል አስፈሪ እንደነበር መገመት የሚከብደን። ከባዱ ዓይነት ከያዛቸው 10 ሰዎች 3ቱን ገደማ ይገድል ነበር። የተረፈው ደግሞ ወይ ፊቱ ይቦረቦራል፣ ወይ ዓይኑ ይጠፋል። መንደር ውስጥ ገባ ሲባል ገበያ ይበተናል፣ መንገድ ይዘጋል፣ ዘመድ ዘመዱን ለመጠየቅ ይፈራል።

የዛሬ 160 ዓመት ገደማ፣ ከጉድሩ ጀምሮ ጎጀብን ተሻግሮ እስከ ከፋ ድረስ ባለው ሀገር፣ ትንሽ ስለት ይዘው ይህን በሽታ የተጋፈጡ አንድ ጢማም ፈረንጅ ነበሩ። ሰው “የፈንጣጣ አባት” ይላቸው ነበር። ስማቸው ጉልዬልሞ ማሳያ ነው። በታሪክ መጻሕፍታችን “አባ ማስያስ” ወይም “አቡነ ማስያስ” ተብለው ታገኟቸዋላችሁ።

ዛሬ የእሳቸውን ሕይወት ከመጀመሪያው እንንገራችሁ። ረዘም ይላል፣ ግን ታገሡን። ዓመቶቹ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ካፑቺኖ ከየት መጣ?

አባ ማስያስ ጁን 8 ቀን 1809 በሰሜን ጣሊያን፣ አስቲ ከተማ አጠገብ ባለች ፒዮቫ በምትባል የገጠር መንደር ተወለዱ። ያኔ ጣሊያን የምትባል አንድ ሀገር ገና አልነበረችም። ቤተሰባቸው ገበሬ ነበር። ሲወለዱ የወጣላቸው ስም ሎሬንዞ ነው።

በ17 ዓመታቸው፣ በ1826፣ ካፑቺን የሚባለውን የካቶሊክ መነኮሳት ማኅበር ተቀላቀሉ። ጉልዬልሞ የሚለውንም ስም ያገኙት ያኔ ነው። ካፑቺኖች ድህነትን የመረጡ፣ ጢማቸውን የሚያሳድጉ፣ ቆብ ያለው ቡናማ ቀሚስ የሚለብሱ መነኮሳት ናቸው። ካፌ ገብታችሁ የምታዙት ካፑቺኖ ስሙን ያገኘው ከእነዚህ መነኮሳት ነው። ወተት የገባበት ቡና ቀለሙ ቀሚሳቸውን ስለሚመስል ነው እንዲያ የተባለው። ታዲያ ከእነዚህ ሰዎች አንዱ በኋላ የቡና መገኛ የሆነችውን ከፋን በእግሩ ረገጣት። ገጠመኝ ነው፣ ግን ደስ ይላል አይደል?

ቄስ የሆኑት በ1832 ነው። ሕይወታቸውን የቀየረው ግን ቀጥሎ የመጣው ነገር ነው። ከ1834 እስከ 1836 ቶሪኖ ከተማ ውስጥ ማውሪዚያኖ በሚባል ሆስፒታል የሕሙማን ቄስ ሆነው ተመደቡ። ሥራቸው ለታመመ መጸለይ፣ የሚሞተውን ማጽናናት ነበር። እሳቸው ግን በዚያ ብቻ አልተወሰኑም። ሐኪሞቹ ሲሠሩ ቆመው ያያሉ፣ ይጠይቃሉ፣ ይማራሉ። ቁስል ማጠብና ማሰር፣ ቀላል ቀዶ ሕክምና፣ የፈንጣጣ ክትባት መስጠት፣ ሁሉንም እዚያው ቀሰሙ። የሕክምና ዲግሪ አልነበራቸውም። ትምህርት ቤታቸው የበሽተኛው አልጋ ነበር።

ያኔ በቶሪኖ ሌላም ሰው ነበር፣ ጁሴፔ ኮቶሌንጎ። ማንም የማይቀበላቸውን ሕሙማንና አካል ጉዳተኞች የሚሰበስብ ትልቅ ቤት በ1832 የከፈተ ቄስ ነው። ቤተክርስቲያኑ በ1934 ቅዱስ ብላዋለች። አባ ማስያስ የዚህ ሰው የንስሐ አባት ነበሩ። በሽተኛን ማገልገል ምን ማለት እንደሆነ በቅርብ አይተዋል ማለት ነው።

መንገድ ላይ 6 ዓመት

እንግዲህ ኢትዮጵያ እንዴት መጣች? አንቷን ዳባዲ የተባለ ፈረንሳዊ ተጓዥ በ1843 ከፋ ድረስ ደርሶ ነበር። ከዚያ ወደ ሮም ደብዳቤ ጻፈ። በኦሮሞ ሀገርና ከዚያ ወዲያ ባለው ምድር ሚስዮናውያን ያስፈልጋሉ አለ። ሮምም ሰማች። በ1846 ለዚህ ሀገር አዲስ ሐዋርያዊ አስተዳደር አቋቋመችና የ36 ዓመቱን አባ ማስያስን ጳጳስ አድርጋ ላከቻቸው።

መሄድና መድረስ ግን ለየቅል ነው። ምጽዋ የገቡት በ1846 መጨረሻ ላይ ነው። የኦሮሞ ሀገር የደረሱት በ1852። መሀሉ 6 ዓመት ነው! ከሰሜን በኩል ሲሞክሩ ከኦርቶዶክሱ ጳጳስ ከአቡነ ሰላማ ጋር በተነሣው ግጭት ምክንያት ተከለከሉ። ሌላ መንገድ ሲሞክሩም አልሆነም። በመጨረሻ ልብሳቸውን ቀይረው፣ ባርቶሬሊ የሚባል ነጋዴ ነኝ ብለው፣ በግብፅና በሱዳን ዞረው ገቡ። ዓባይን ተሻግረው ጉድሩ፣ አሰንዳቦ ገበያ ሲደርሱ 43 ዓመታቸው ነበር።

በዚህ በመንከራተት ዘመናቸው የሠሩት አንድ ነገር አለ። በጃንዋሪ 1849 ምጽዋ ላይ፣ በሌሊት፣ በድብቅ፣ ጁስቲኖ ደ ያቆቢስን ጳጳስ አድርገው ሾሙ። በእኛ ዘንድ አቡነ ያዕቆብ የሚባሉት ናቸው። በ1975 ቅዱስ ተብለዋል። አባ ማስያስ እንግዲህ የሁለት ቅዱሳን ወዳጅ ነበሩ ማለት ነው፣ አንዱ ቶሪኖ፣ አንዱ ምጽዋ።

ክታብ እና ክትባት

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። ጉድሩ የገቡት ሊሰብኩ ነው። ይሄንን መደበቅ አያስፈልግም፣ የተላኩበት ሥራ ነው። ግን ማነው የሚሰማቸው? ቋንቋውን ገና እየተማሩ ያሉ፣ ከየት እንደመጡ የማይታወቁ እንግዳ ሰው ናቸው። በራቸውን ያንኳኳው ሰው ስብከት ፈልጎ አልነበረም። የታመመ ልጅ አቅፎ ነው የመጣው።

ፈንጣጣ ሲነሣ አባ ማስያስ መከተብ ጀመሩ። ያ ነው ስማቸውን ከእሳቸው ቀድሞ ያዞረው። ሰው ሃይማኖታቸውን ሳያውቅ የእጃቸውን ሥራ ያውቅ ነበር። “የፈንጣጣ አባት” የሚለው ስምም የመጣው ከዚህ ነው።

ክትባቱ እንዴት ይሠራ እንደነበር ማወቅ ጥሩ ነው። እንግሊዛዊው ሐኪም ኤድዋርድ ጄነር በ1796 አንድ ነገር አሳይቶ ነበር። የላም ፈንጣጣ የሚባለው ቀላል በሽታ የያዘው ሰው ዋናው ፈንጣጣ አይዘውም። ስለዚህ ከላም ፈንጣጣ ቁስል የሚወጣውን ፈሳሽ ወስዶ ክንድ ላይ ትንሽ ጫር አድርጎ ማስገባት በቂ ነው።

ፍሪጅ በሌለበት ዘመን ግን ፈሳሹ በሙቀት ቶሎ ይበላሻል። መፍትሔው ሰው ራሱ ነበር። ዛሬ የተከተበ ልጅ ከሳምንት በኋላ ክንዱ ላይ ውኃ ይቋጥራል። ከዚያች ቋጠሮ ተወስዶ ቀጣዩ ይከተባል። ከእሱ ደግሞ ሌላው። ከክንድ ወደ ክንድ። ሰንሰለቱ አንድ ቦታ ከተቋረጠ አለቀ፣ ክትባት የለም። ስለዚህ የተከተበው ሰው በቀጠሮው ተመልሶ መምጣት አለበት። ለማያውቀው ሰው ክንዱን መስጠት አለበት። ይታያችሁ፣ ሥራው በሙሉ የቆመው መተማመን ላይ ነበር።

አንድ ነገር ግን በደንብ እንያዝ። የኛ ሰው ከዚያ በፊት ዝም ብሎ የሚሞት አልነበረም። በኢትዮጵያ በብዙ ቦታ ከታመመ ሰው ቁስል ወስዶ በጤነኛ ክንድ ላይ በስለት ማስገባት የታወቀ ነበር። ይሄ የራሱን የፈንጣጣውን መግል ስለሚጠቀም አደገኛ ነው። አንዳንዱ በዚያው ይሞታል፣ በሽታውም ወደ ሌላ ሊዛመት ይችላል። ሐሳቡ ግን ትክክል ነበር። አባ ማስያስ ያመጡት ያንኑ ሐሳብ ባነሰ አደጋ ነው። ሰውም ቶሎ የገባው ለዚህ ሳይሆን አይቀርም።

ቃሉን ራሱ ተመልከቱት። ክትባት እና ክታብ ከአንድ ሥር ነው የመጡት፣ ከተበ ማለት ጻፈ ማለት ነው። አንዱ ብራና ላይ ተጽፎ አንገት ላይ ይንጠለጠላል። ሌላው ቆዳ ላይ ይጻፋል። በዚያ ዘመን ብዙ እናት ለልጇ ሁለቱንም ፈልጋ ሊሆን ይችላል። ማን ይፈርድባታል? ልጇ እንዳይሞት ነው።

ጎጀብን መሻገር

ከጉድሩ ወደ ደቡብ ሲወርዱ ሊሙ እናርያን የመሳሰሉ የጊቤ መንግሥታት አሉ። ከዚያ ጎጀብ። ከጎጀብ ወዲያ ከፋ።

የያኔው ከፋ የዛሬው ዞን እንዳይመስላችሁ። ራሱን የቻለ መንግሥት ነው። ንጉሡ “ታቶ” ይባላል። ድንበሩ ጥልቅ ቦይ የተቆፈረለት፣ በር ያለው፣ በሩ ላይ ጠባቂ የቆመለት ሀገር ነው። ያለ ፈቃድ አይገባም፣ ያለ ፈቃድም አይወጣም። ሚዛን ተፈሪ የምትባል ከተማ ገና አልነበረችም። የቤንችና የሸካ ሰዎች በየራሳቸው ሀገርና ሥርዓት ይኖሩ ነበር። ቡና በየጫካው ሞልቷል። የባሪያ ንግድም በዚያው ልክ። ብዙ የሰው ልጅ በጎጀብ በኩል እየተነዳ ወደ ሰሜን ገበያ ይሸጥ ነበር። ይሄንን ጨለማ ጎን ትተን ታሪኩን ብናወራ ውሸት ይሆናል።

አባ ማስያስ ቀድመው ሌሎች ካህናትን ወደ ከፋ ልከው ነበር። ራሳቸው በ1859 ገቡ። የ50 ዓመት ሰው ናቸው። ከፋ የቆዩት 2 ዓመት ያህል ነው። በ1861 ከሀገር ተባረሩ። ልክ እንደ ሰሜኑ፣ እዚህም የተጣሉት ከበላይ ጋር ነው። እሳቸውን የሚወድም የሚጠላም ቤተ መንግሥት ውስጥ ነበር።

ይሄ በሕይወታቸው ሙሉ የተደጋገመ ነገር ነው። ከታች ያለው ሰው ክንዱን ይሰጣቸዋል፤ ከላይ ያለው ውጣ ይላቸዋል። በበሽተኛው ዓይን ሐኪም ናቸው። በባለሥልጣኑ ዓይን ከባሕር ማዶ የመጡ፣ ሌላ ሃይማኖት ያላቸው፣ የማን ሰላይ እንደሆኑ የማይታወቅ ሰው። በታሪክ ዓይን ካያችሁት ሁለቱም የራሳቸው ምክንያት ነበራቸው።

ከአዲስ አበባ በፊት

በ1863 በአፄ ቴዎድሮስ ሰዎች ተያዙ፤ በኋላ ተለቀው ወደ አውሮፓ ሄዱ። ሌላ ሰው ቢሆን በቃኝ ይል ነበር። እሳቸው ግን በ1867 ፓሪስ ላይ ለሚስዮናውያን የሚሆን የአማርኛና የኦሮምኛ ሰዋስው አሳትመው ተመልሰው መጡ።

በዚህኛው ጉዞ ወደ ከፋ መመለስ አልሆነላቸውም። በ1868 ሸዋ ሲገቡ ወጣቱ ንጉሥ ምኒልክ ልቼ ላይ ተቀበሏቸው፤ እንዲሄዱም አልፈለጉም። አማካሪ አደረጓቸው። ፊንፊኔ ላይ፣ ብርብርሳ በሚባለው ቦታ ለሚስዮናቸው መሬት ሰጧቸው። አዲስ አበባ ገና አልተቆረቆረችም፣ 18 ዓመት ይቀራታል። ዛሬ ፎቅ የቆመበት ከተማ ያኔ ሜዳና ፍል ውኃ ነበር።

ሸዋ ላይ 11 ዓመት ኖሩ። ሰው እየታመመ ይመጣል፣ እሳቸው እየከተቡ፣ እያከሙ፣ እያስተማሩ ይኖራሉ። ከዚያ በ1878 አፄ ዮሐንስ 4ኛ እና ምኒልክ ልቼ ላይ ታረቁ። ከስምምነቱ አንዱ የውጭ ሚስዮናውያን ከሸዋ ይውጡ የሚል ነበር። በ1879፣ በ70 ዓመታቸው፣ ጤናቸው በተሰበረ ጊዜ፣ አባ ማስያስ ለመጨረሻ ጊዜ ተባረሩ። በሱዳን በኩል በብዙ ስቃይ አውሮፓ ደረሱ። ከዚያ ወዲያ ኢትዮጵያን አላዩም።

ከሞቱ በኋላ ማን ወሰዳቸው?

ሮም ሲደርሱ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሊዮ 13ኛ ያየኸውን ሁሉ ጻፍ አሏቸው። የ35 ዓመት የተልዕኮ ሕይወታቸውን መጻፍ ጀመሩ፤ 12 ትልልቅ መጻሕፍት ሆነ፣ ከ1885 እስከ 1895 ታተመ። ሁሉም ታትሞ ሳያዩት ነው የሞቱት። ስለ ጊቤ መንግሥታትና ስለ ከፋ የ19ኛው ክፍለ ዘመን ሕይወት የሚያጠና ሰው ዛሬም ይሄን መጽሐፍ ሳያገላብጥ አያልፍም። በእርጅና ከትዝታ የተጻፈና በአንድ ሚስዮናዊ ዓይን የታየ ስለሆነ ግን በጥንቃቄ ነው የሚነበበው።

በ1884 ካርዲናል ሆኑ። ኦገስት 6 ቀን 1889 ኔፕልስ አጠገብ በ80 ዓመታቸው ዐረፉ። መቃብራቸው ሮም አቅራቢያ ባለችው ፍራስካቲ፣ በካፑቺኖች ቤተክርስቲያን ነው። እዚያው ስለ ኢትዮጵያ የሚያሳይ በስማቸው የተሰየመ ሙዚየም አለ።

አሁን የሚመር ክፍል። አባ ማስያስ ሸዋ ሳሉ የምኒልክንና የጣሊያንን ግንኙነት ረድተዋል። በ1876 የጣሊያን የጂኦግራፊ ማኅበር ጉዞ ሸዋ ሲገባ ያገናኙ የነበሩት እሳቸው ናቸው። ምናልባት በልባቸው ሕክምናና ትምህርት ይመጣል ብለው ይሆናል። የመጣው ግን በኋላ ዓድዋ ነው፤ ከዚያ ደግሞ የ1935 ወረራ። ይባስ ብሎ ፋሺስቶቹ በ1939 የእሳቸውን ሕይወት ፊልም አድርገው ሠሩት። ፊልሙ በቬኒስ ፌስቲቫል በሙሶሊኒ ስም የተሰየመውን ሽልማት ወሰደ። ኢትዮጵያ ውስጥ ሰው እየተገደለ ባለበት ሰዓት የአንድ ሐኪም መነኩሴ ታሪክ የወራሪ ማስታወቂያ ሆነ።

ሰውየው ከሞቱ 50 ዓመት ሆኗቸዋል፣ አልተጠየቁም። ግን ትምህርት አለው። በሽተኛ እጅህን ያመነው አንተን አይቶ ነው። ያንን እምነት ሌላ ሰው ለሌላ ነገር ሲጠቀምበት፣ ቀጥሎ የሚመጣው ሐኪም ነው በር የሚዘጋበት።

ሰንሰለቱን የጨረሱት

የፈንጣጣ ታሪክ በአባ ማስያስ አላበቃም። እሳቸው ከሄዱም በኋላ በሽታው 100 ዓመት ገደማ ሀገራችን ውስጥ ቆይቷል። በጃንዋሪ 1971 ኢትዮጵያ የማጥፋት ዘመቻ ስትጀምር በዚያ ዓመት ብቻ ከ26 ሺህ በላይ ሕሙማን ተመዘገቡ። ያኔ ሚዛን ተፈሪ በከፋ ጠቅላይ ግዛት ሥር ነበረች። መንገድ የለም። ከታቢዎቹ በእግርና በበቅሎ፣ ጭቃ እየረገጡ፣ ወንዝ እየተሻገሩ ነው ቤት ለቤት የሄዱት። በጎ ፈቃደኛ የውጭ ሰዎች ነበሩ፤ ብዙውን የሠሩት ግን ኢትዮጵያውያን የጤና ሠራተኞች ናቸው። አሁን ከክንድ ወደ ክንድ አልነበረም፣ ሙቀት የሚችል ደረቅ ክትባትና ሁለት ጥርስ ያላት ትንሽ መርፌ ተገኝታለች። አንድ ነገር ግን እንደ ድሮው ነው። ሰው ክንዱን የሚሰጠው ለሚያምነው ነው። ቋንቋውን ለሚያውቅ፣ ደጁ ላይ ለሚቀመጥ፣ ነገ ተመልሶ ለሚመጣ።

በኦገስት 1976 በኢትዮጵያ የመጨረሻው ሕመምተኛ ተገኘ። በ1977 ሶማሊያ ውስጥ በተፈጥሮ የተያዘው የዓለም የመጨረሻው ሰው ዳነ። በ1980 የዓለም ጤና ድርጅት ፈንጣጣ ጠፍቷል ብሎ አወጀ። የሰው ልጅ እስከ ዛሬ ሙሉ በሙሉ ያጠፋው ብቸኛው የሰው በሽታ ይሄ ነው።

አባ ማስያስን ካቶሊክ ቤተክርስቲያን በዲሴምበር 2016 “ክቡር” የሚል ማዕረግ ሰጥታቸዋለች። “ብፁዕ” ከዚያም “ቅዱስ” ለመባል ገና ይቀራቸዋል፤ በእሳቸው ጸሎት ተአምር መደረጉ መረጋገጥ አለበት። ያ የቤተክርስቲያኗ ጉዳይ ነው።

ለእኛ ግን የሚቀረን ይሄ ነው። ከጥቂት ዓመት በፊት የኮቪድ ክትባት ሲመጣ ስንት ወሬ በስልካችን እንደተዘዋወረ ታስታውሳላችሁ። ወሬውን የፈጠረው ሁሉ ክፉ አልነበረም፣ የፈራም ነበር። የፈራን ሰው በስድብ አታሳምነውም። አባ ማስያስ መንግሥታት ደጋግመው አባረዋቸው እንኳ የታመመ ሰው በራቸውን ማንኳኳት ያልተወው፣ መጀመሪያ ቁስሉን ስላጠቡለት ነው። ዛሬ በሚዛን፣ በቴፒ፣ በሸኮ፣ በማጂ የክትባት ሳጥን በትከሻዋ አንግታ ዳገት የምትወጣ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ አለች። ስሟን አናውቅም፣ ፊልምም አይሠራላትም። መንደሩ ግን ያውቃታል። እሷ ስትመጣ በር ከተከፈተ፣ የድሮው ሰንሰለት አልተበጠሰም ማለት ነው።

ቤታችሁ የፈንጣጣን ዘመን የሚያስታውሱ እናት፣ አባት ወይም አያት ካሉ ዛሬ ማታ ቡና ሲፈላ ጠይቋቸው። የነገሯችሁን ደግሞ ጻፉልን፣ እናነበዋለን።